የአደራው ሂሳብ፦ ከሎስ አንጀለስ እስከ ቱሉ ፈራ

መጋቢት 2 ቀን 2011 ዓ.ም. ሰኞ ነበር። ቂርቆስ ክፍለ ከተማ፣ ከመስቀል አደባባይ ወደ ካዛንቺስ በሚወስደው መንገድ ላይ ባለው የአፍሪካ ኢኮኖሚ ኮሚሽን ግቢ ሠራተኞች ወደ ሥራቸው የገቡት በሐዘን ነው። በየአገሩ ባሉ የተባበሩት መንግሥታት ጽሕፈት ቤቶች ሰንደቅ ዓላማው ዝቅ ብሎ ተውለብልቧል። አንድ ቀን ቀደም ብሎ፣ እሑድ ከጠዋቱ 2 ሰዓት ከ38 ደቂቃ ላይ ከቦሌ የተነሣው የኢትዮጵያ አየር መንገድ በረራ 302 ከ6 ደቂቃ በኋላ ቢሾፍቱ አካባቢ፣ ቱሉ ፈራ በተባለ የገበሬ ማሳ ላይ ተከስክሶ 157 ሰው አልቋል። ከእነዚህ መካከል 21ዱ የተባበሩት መንግሥታት ሠራተኞች ነበሩ።

ያን ቀን የአዲስ አበባ ሰው አይረሳውም። ከዚያ ወዲህ ግን ነገሩን የሰማው በቁርጥራጭ ነው። ዛሬ ስለ ቦይንግ ካሳ፣ ነገ ስለ ቺካጎ ፍርድ ቤት፣ ሌላ ጊዜ ደግሞ የሟች ቤተሰቦችን ገንዘብ በላ ስለተባለ አንድ አሜሪካዊ ጠበቃ ይወራል። የዚህ ጠበቃ ስም ቶማስ ጂራርዲ ነው። የበላውም ከበረራ 302 በፊት፣ አምስት ወር ባልሞላ ጊዜ ቀደም ብሎ በዚያው ዓይነት አውሮፕላን የሞቱ ሰዎችን ቤተሰቦች ገንዘብ ነው። የጂራርዲን ታሪክ ከመነሻው እስከ መጨረሻው መከተል፣ የተጎዳ ሰው ካሳ ከበዳዩ ኪስ ወጥቶ ወደ ተበዳዩ እጅ እስኪደርስ በማን በማን እጅ እንደሚያልፍ ያሳያል።

እ.ኤ.አ. 1960–1965፦ ሁለት ጅማሬዎች

ካዛንቺስ ስሙን ያገኘው በጣሊያን ወረራ ዘመን ለመንግሥት ሠራተኞች መኖሪያ ቤት ይሠራ ከነበረ ተቋም ምሕፃረ ቃል ነው። ሰፈሩ ስሙን እንደያዘ ጣሊያን ወጣ። 1953 ዓ.ም. ሲገባ አካባቢው ሌላ መልክ ያዘ። በዚያ ዓመት የአፍሪካ አዳራሽ ተመረቀ። በዚያው ዓመት መስከረም 1 ቀን ደግሞ ፈረንሳዊው የሕግ ሊቅ ሬኔ ዳቪድ ያረቀቁት የፍትሐ ብሔር ሕግ በሥራ ላይ ዋለ።

ከዚያ በፊት ጉዳት የደረሰበት ሰው ደጅ የሚጠናው ሽማግሌ ዘንድ ነበር። ጉማ፣ የደም ካሳና ዕርቅ የሚባሉት ሥርዓቶች ነፍስ ለጠፋባቸው ቤተሰቦች መፍትሔ ይሰጡ ነበር። በችሎት ደግሞ አንደበተ ርቱዕ ነገረ ፈጅ በላ ልበልሃ እያለ ይሟገት ነበር። አዲሱ ሕግ ይህን ሁሉ በቁጥር በተደረደሩ አንቀጾች ተካው። በቁጥር 2028 በጥፋቱ በሌላ ሰው ላይ ጉዳት ያደረሰ ይክሳል አለ። በቁጥር 2081 የመኪና ባለቤት ጥፋት ባይኖርበትም እንኳ መኪናው ላደረሰው ጉዳት ኃላፊ ነው አለ። ለሐዘንና ለሕሊና ጉዳት የሚሰጠው ካሳ ግን ከሺህ ብር እንዳይበልጥ በቁጥር 2116 ወሰነ። ለዚያ ዘመን ሺህ ብር ትልቅ ገንዘብ ነበር። ጣሪያው ግን ብሩ ሲረክስ አብሮ ከፍ ሳይል ለአሥርት ዓመታት ባለበት ቆየ።

በሌላው የዓለም ጫፍ፣ በ1965 እ.ኤ.አ.፣ ቶማስ ጂራርዲ የተባለ የ26 ዓመት ጎልማሳ ከሎዮላ የሕግ ትምህርት ቤት ተመርቆ ከወጣ በኋላ ሎስ አንጀለስ ውስጥ ከሮበርት ኪስ ጋር ቢሮ ከፈተ። ቢሮው ጂራርዲ ኪስ ተባለ። የያዘው የአካል ጉዳት ጠበቃ ሥራ ነው። በአሜሪካ ይህ ሙያ ከሌላው ጥብቅና የሚለይበት ነገር አለው። የተጎዳው ሰው ለጠበቃው ቀብድ አይከፍልም። ጠበቃው ከኪሱ እያወጣ ይከራከራል፣ ቢረታ ከካሳው ሲሶውን፣ አንዳንዴም 40 በመቶውን ይወስዳል፣ ቢሸነፍ ግን ምንም አያገኝም። ድሃ ሰው ትልቅ ኩባንያን የሚከስበት አቅም ያገኘው በዚህ መንገድ ነው።

አሠራሩ ግን አንድ ጠባብ በር አለው። ተከሳሹ ኩባንያ ካሳውን የሚልከው ለተጎዳው ሰው በቀጥታ ሳይሆን ለጠበቃው ነው። ጠበቃው ገንዘቡን የደንበኛ የአደራ ሂሳብ በሚባል ከራሱ ገንዘብ በተለየ የባንክ ሂሳብ ያስቀምጣል፣ ወጪውንና ድርሻውን ያነሣል፣ የቀረውን ለባለቤቱ ይሰጣል። በአገራችን አደራ ጥብቅ፣ ሰማይ ሩቅ ይባላል። ጠበቃ የሚለው ቃልም የመጣው ጠበቀ ከሚለው ግሥ ነው። በካሊፎርኒያም ሕጉ ጠበቃውን የሰው ገንዘብ ጠባቂ አድርጎታል። ጠባቂውን ማን ይጠብቀዋል የሚለው ጥያቄ ግን ለ55 ዓመት ያህል በቂ መልስ አላገኘም።

እ.ኤ.አ. 1970–2001፦ ስም የተገነባበት ዘመን

የጂራርዲ ዝና የተጀመረው ገና በ1970 ነው። በካሊፎርኒያ በሕክምና ስህተት ክስ ከአንድ ሚሊዮን ዶላር በላይ ያስፈረደ የመጀመሪያው ጠበቃ እሱ ነው ተብሎ ይነገርለታል። ከዚያ በኋላ ትልልቅ ፋብሪካዎችን፣ መድኃኒት አምራቾችንና የነዳጅ ኩባንያዎችን እየከሰሰ ስሙ ገነነ።

የዓለምን ጆሮ የሳበው ጉዳይ የመጣው ከሞሃቬ በረሃ ነው። ሂንክሊ የምትባል ትንሽ መንደር አጠገብ ፒጂ ኤንድ ኢ የተባለው የጋዝና ኤሌክትሪክ ኩባንያ የጋዝ መግፊያ ጣቢያ ነበረው። ከ1952 እስከ 1966 ድረስ የማቀዝቀዣ ማማዎቹ እንዳይዝጉ ክሮሚየም 6 የተባለ መርዛማ ኬሚካል ይጠቀም ነበር። የተረፈውን ውሃ ንጣፍ በሌለው ጉድጓድ ያፈስሰው ስለነበር መርዙ ወደ ከርሰ ምድር ውሃ ሰረገ። የመንደሩ ሰው የሚጠጣው ከዚያ የከርሰ ምድር ውሃ ነበር። ኤሪን ብሮኮቪች የተባለች በአንድ የጠበቃ ቢሮ የምትሠራ ሴት ሰነድ እያገላበጠች፣ በየቤቱ እየዞረች ነገሩን አወጣችው። አሠሪዋ ኤድ ማስሪ ለእንዲህ ያለ ግዙፍ ክስ አቅም ስላልነበረው ጂራርዲና ሌላው ታዋቂ ጠበቃ ዎልተር ላክ ተቀላቀሉት። በ1996 ኩባንያው ከ600 ለሚበልጡ ከሳሾች 333 ሚሊዮን ዶላር ለመክፈል ተስማማ።

በ2000 ታሪኩ ፊልም ሆነ። ጁሊያ ሮበርትስ በብሮኮቪች ስም ተጫውታ ኦስካር ወሰደች። ፊልሙ የሚያልቀው በተበዳዮቹ ድል ነው። ከሂንክሊ ነዋሪዎች አንዳንዶቹ ግን ገንዘቡ ዘግይቶ እንደደረሳቸውና የተቀነሰው ሂሳብ በወጉ እንዳልተብራራላቸው ለጋዜጠኞች ተናግረዋል። ያን ጊዜ ሰሚ አላገኙም።

ጂራርዲ በዚህ ዘመን ኃያል ሰው ሆነ። ፖለቲከኞች ለምርጫ ገንዘብ ሲፈልጉ እሱ ዘንድ ይመጣሉ። ዳኞች በግብዣው ላይ ይታያሉ። ፓሳዲና ውስጥ ሰፊ ቤት፣ ከአንዱ ከተማ ወደ ሌላው የሚያደርሰው የግል አውሮፕላን ነበረው። በኋላ ያገባት ዘፋኟ ኤሪካ ጄን በቴሌቪዥን ስለ ኑሯቸው ድሎት ስታሳይ ሚሊዮኖች ተመለከቱ።

እ.ኤ.አ. 2000–2008፦ ውክልናና ሞዴል 85

በዚያው ጊዜ አዲስ አበባ ውስጥ የጥብቅና ሙያ አዲስ ቅርጽ እየያዘ ነበር። የፌዴራል ፍርድ ቤቶች ጠበቆች ፈቃድና ምዝገባ አዋጅ ቁጥር 199/1992 ወጣ። የጠበቆች የሥነ ምግባር ደንብ ቁጥር 57/1992ም በዚያው ዓመት ታወጀ። በ1997 ዓ.ም. ሥራ ላይ የዋለው አዲሱ የወንጀል ሕግ ደግሞ በአደራ የተቀበለውን የሰው ንብረት ለራሱ ያደረገ ሰው የሚጠየቅበትን የእምነት ማጉደል ወንጀል በአንቀጽ 675 ደነገገ። በ2000 ዓ.ም. በወጣው አዋጅ ቁጥር 559 መሠረት የሶስተኛ ወገን መድን የሌለው ተሽከርካሪ መንገድ እንዳይወጣ ተከለከለ። መኪና የገጨው እግረኛ የባለ መኪናውን ኪስ ብቻ ተስፋ ማድረጉ በዚህ ቀረ።

በቂርቆስ ምድብ ችሎት የአካል ጉዳት ካሳ ክስ ይዞ የሚቀርብ ሰው ሰነዱን አንድ በአንድ ይሰበስባል። ከትራፊክ ፖሊስ የአደጋውን ሪፖርትና ፕላን፣ ከሆስፒታል የሐኪሞች ቦርድ የአካል ጉዳቱን መጠን በመቶኛ የሚገልጽ ማስረጃ፣ ከመሥሪያ ቤቱ የደመወዝ ደብዳቤ ያወጣል። ጊዜም አያባክንም፣ ምክንያቱም በፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 2143 መሠረት ክሱን በሁለት ዓመት ውስጥ ካላቀረበ በይርጋ ይታገዳል። አቅም የሌለው ሰው ጠበቃ ሳይሆን ራፖር ጸሐፊ ዘንድ ሄዶ አቤቱታውን ያስጽፋል። ጠበቃ የሚይዝ ሰው ደግሞ ሰነዶች ማረጋገጫ ጽሕፈት ቤት ሄዶ ውክልና ይሰጣል።

ያ የውክልና ወረቀት አንድ ገጽ አይሞላም፣ ይዘቱ ግን ከባድ ነው። ጠበቃው ይከራከርልኝ ብቻ ተብሎ የተጻፈ እንደሆነ ገንዘብ መቀበል አይችልም። በደንበኛው ስም መታረቅም አይችልም፣ ምክንያቱም የፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 2205 ለዕርቅ ልዩ ውክልና ይጠይቃል። ፍርድ ሲፈጸምም ተከሳሹ ገንዘቡን ብዙ ጊዜ በፍርድ ቤት ሞዴል 85 በሚባል ደረሰኝ ያስይዛል፣ ባለመብቱም ከዚያ ያወጣል። መንገዱ ረጅምና አድካሚ ነው፣ ሰዉም ያማርራል። ይሁንና ገንዘቡ በፍርድ ቤት መዝገብ ስለሚያልፍ፣ ስንት ገባ፣ ማን አወጣ የሚለውን የሚያሳይ ወረቀት ከጠበቃው ቢሮ ውጪ ይገኛል።

እ.ኤ.አ. 2010–2018፦ የተቃጠለው ወጣት

መስከረም 9 ቀን 2010 ሳን ብሩኖ በምትባል የካሊፎርኒያ ከተማ የፒጂ ኤንድ ኢ የጋዝ ቧንቧ ፈነዳ። 8 ሰው ሞተ፣ 38 ቤት ወደመ። ከተረፉት አንዱ ከ90 በመቶ በላይ የሚሆነው ሰውነቱ የተቃጠለ ወጣት ነበር። ቤተሰቡ ዝነኛውን ጂራርዲን ጠበቃ አድርጎ ያዘ።

በ2013 ኩባንያው 53 ሚሊዮን ዶላር ለመክፈል ተስማማ። ጂራርዲ ግን ለወጣቱ የነገረው ስምምነቱ 7.25 ሚሊዮን ዶላር ነው ብሎ ነው። የተባለውም እንኳ በወቅቱ አልተከፈለም። ቆዳውን ለማስተካከል ተደጋጋሚ ቀዶ ሕክምና የሚያስፈልገው ልጅ ገንዘቡን ሲጠይቅ ጥቂት ጥቂት እየተሰጠው፣ በደብዳቤና በስልክ እየተባበለ ዓመታት አለፉ።

ማባበያዎቹ ለሌሎች ደንበኞችም ተመሳሳይ ነበሩ። አንዴ ዳኛ ገና አልፈቀደም ይባላል፣ አንዴ የግብር ጉዳይ መጣራት አለበት፣ ሌላ ጊዜ ደግሞ ያልተከፈለ ዕዳ አለ ይባላል። አብዛኛው ደንበኛ ሕግ ስለማያውቅና የሚያናግረው ሰው በፊልም የተከበረ ስለሆነ ያምናል። በኋላ በፍርድ ቤት እንደተረጋገጠው፣ ቢሮው የዛሬውን ደንበኛ ገንዘብ ለትናንቱ ደንበኛ እየከፈለ፣ የተረፈውን ለደመወዝ፣ ለዕዳና ለድሎት ያውል ነበር። በ2007 ለሚስቱ በ750 ሺህ ዶላር የተገዛው የአልማዝ ጉትቻም የተከፈለው በመድኃኒት ከተጎዱ ደንበኞች የአደራ ገንዘብ ነበር።

ቅሬታ አልጠፋም። በአርባ ዓመት ውስጥ የካሊፎርኒያን ጠበቆች ፈቃድ የሚቆጣጠረው ስቴት ባር በጂራርዲ ላይ 205 ቅሬታዎች መዝግቧል። በእነዚህ ሁሉ ዓመታት በአደባባይ የተሰጠ አንድም ቅጣት አልነበረም። ተቋሙ ያስጠናው ጥናት በ2023 እንዳሳየው፣ ሰውየው በስጦታ፣ በግብዣና በወዳጅነት የተቆጣጣሪዎቹን አንዳንድ ሠራተኞችና ኃላፊዎች ከጎኑ አሰልፎ ነበር። ተበዳዮቹ የጻፏቸው ደብዳቤዎች መደርደሪያ ላይ ሲያድሩ አዳዲስ ተበዳዮች በሩን እያንኳኩ ይገቡ ነበር።

ጥቅምት 2018–መጋቢት 2019 እ.ኤ.አ.፦ ሁለት አውሮፕላኖች

ጥቅምት 29 ቀን 2018 ከጃካርታ የተነሣ የላየን ኤር ቦይንግ 737 ማክስ 8 ከ13 ደቂቃ በኋላ ጃቫ ባሕር ውስጥ ገባ። 189 ሰው አለቀ። በምርመራ እንደተረጋገጠው ቦይንግ ኤምካስ የተባለ የአፍንጫ መድፈቂያ ሥርዓት ገጥሞ ነበር። ሥርዓቱ ሥራ የሚጀምረው ከአንድ መለኪያ በሚመጣ መረጃ ብቻ ነበር። መለኪያው ሲሳሳት አውሮፕላኑን ደጋግሞ ወደ ታች ይደፍቀዋል። አብራሪዎች ስለ ሥርዓቱ በወጉ አልተነገራቸውም።

በኢንዶኔዥያ ብዙ ቤተሰቦች ከ91 ሺህ ዶላር በላይ ተሰጥቷቸው፣ ከእንግዲህ ማንንም አንከስም የሚል ወረቀት እንዲፈርሙ ተጠየቁ። አንዳንዶቹ በሐዘን ላይ እንዳሉ ፈረሙ። ያልፈረሙት ቺካጎ ውስጥ ቦይንግን ከሰሱ፣ ምክንያቱም ያን ጊዜ የኩባንያው ዋና መሥሪያ ቤት እዚያ ነበር። የተወሰኑት ጠበቃቸው ያደረጉት ጂራርዲ ኪስን ነው። በቺካጎ በኩል ደግሞ ኤደልሰን የተባለው የሕግ ቢሮ አብሮ ይሠራ ነበር።

ያ ዓይነቱ አውሮፕላን ግን መብረሩን አላቆመም። አሜሪካ መብረሩን ሳታግደው ከአራት ወር በላይ አለፈ። ከዚያም የአዲስ አበባው እሑድ መጣ። ካፒቴን ያሬድ ጌታቸው 29፣ ረዳታቸው አሕመድኑር መሐመድ 25 ዓመታቸው ነበር። መለኪያው እንደገና ሳተ፣ ኤምካስ እንደገና ደፈቀ።

መጋቢት 8 ቀን 2011 ዓ.ም. በቅድስት ሥላሴ ካቴድራል በሰንደቅ ዓላማ የተሸፈኑ 17 የሬሳ ሣጥኖች ተሰልፈው ቀረቡ። ውስጣቸው ባዶ ነበር። አውሮፕላኑ መሬት ውስጥ ጠልቆ ስለነበር አስከሬን መለየት ገና አልተቻለም። ለቤተሰቦች የተሰጠው ከተከሰከሰበት ቦታ የተዛቀ፣ የተቃጠለ አንድ ኪሎ አፈር ነበር። እናት የልጇን አፈር በከረጢት ይዛ ወደ ቤቷ ተመለሰች። ቀብር ባልተሟላበት አገር ስለ ካሳ መነጋገር እንዴት ይከብዳል!

ሕጉ ግን አይጠብቅም። የመጀመሪያው የበረራ 302 ክስ ቺካጎ ውስጥ የተመሠረተው አደጋው በደረሰ በሦስት ሳምንት ውስጥ ነው። ከዚያ በኋላ በርካታ የአሜሪካ የሕግ ቢሮዎች የአዲስ አበባ፣ የናይሮቢና የሌሎች ከተሞች ቤተሰቦችን ጉዳይ ያዙ። ለአንድ አዲስ አበቤ ቤተሰብ ይህ ሁሉ እንግዳ ነገር ነበር። የሺህ ብር የሕሊና ካሳ ጣሪያ ከሚያውቅ ሕግ ወጥቶ፣ ጁሪ የሚባል የተራ ዜጎች ሸንጎ ሚሊዮኖች ወደሚፈርድበት ሕግ መሻገር ነበረበት። ውሉ በእንግሊዝኛ ነው። ጠበቃው ያለው ውቅያኖስ ማዶ ነው። ገንዘቡ የሚገባበትን ሂሳብ ማየት አይቻልም።

እ.ኤ.አ. 2019–2020፦ የገባውና የወጣው

በ2019 ቦይንግ ለሁለቱም አደጋዎች ሟች ቤተሰቦች 50 ሚሊዮን ዶላር በቀጥታ እንዲከፋፈል መደበ። ኬኔት ፋይንበርግ በሚባል የካሳ ክፍያ አዋቂ በኩል ለ346ቱም ሟቾች ቤተሰቦች ለእያንዳንዳቸው 144,500 ዶላር ተመደበ። ይህ ገንዘብ ክስ የመመሥረት መብትን አያስቀርም ነበር።

በፍርድ ቤት የተደረጉት ስምምነቶች መንገድ ሌላ ነው። በ2020 መጀመሪያ ቦይንግ ለላየን ኤር ከሳሾች የተስማማበትን ገንዘብ ወደ ጂራርዲ ኪስ የአደራ ሂሳብ ላከ። ባሎቻቸውን፣ ሚስቶቻቸውንና ወላጆቻቸውን ያጡ ሰዎች ጃካርታ ሆነው ጠበቁ። የተወሰነ ክፍያ መጣ፣ የቀረው ቆመ። በኋላ በቀረበው ክስ መሠረት ከአምስት ደንበኞች ከ3 ሚሊዮን ዶላር በላይ ለሌላ ጉዳይ ውሎ ነበር።

ዝምታውን የሰበረው የገዛ የሥራ ባልደረባ ነው። ታኅሣሥ 2 ቀን 2020 የኤደልሰን ቢሮ በቺካጎ ፌዴራል ፍርድ ቤት ጂራርዲን ከሰሰ። ክሱ ለባል አልባዎችና ለወላጅ አልባዎች የተላከ ገንዘብ ተሰውሯል የሚል ነበር። በአሜሪካ ጠበቃ ጠበቃን በአደባባይ ሌባ ነህ ሲል የተለመደ አይደለም፣ ስለዚህ ዜናው እንደ መብረቅ ወረደ።

ታኅሣሥ 14 ዳኛ ቶማስ ዱርኪን ጉዳዩን ሰሙ። ቢያንስ 2 ሚሊዮን ዶላር የት እንደገባ የሚያስረዳ አልተገኘም። ዳኛው ጂራርዲን ፍርድ ቤት በመድፈር ጥፋተኛ ብለው ንብረቱ እንዲታገድ አዘዙ፣ ጉዳዩንም ለዐቃቤ ሕግ መሩት። በዚያው ወር አበዳሪዎች ቢሮውን ኪሳራ ፍርድ ቤት አቀረቡት። ከ55 ዓመት በኋላ ጂራርዲ ኪስ ተዘጋ። መዝገቡ ሲከፈት ለዓመታት ሲባበሉ የኖሩ ደንበኞች ከየአቅጣጫው ወጡ።

እ.ኤ.አ. 2021–2022፦ ፈቃዱ ሲሰረዝ

በ2021 መጀመሪያ የጂራርዲ ቤተሰብ የመርሳት በሽታ ይዞታል ብሎ ለፍርድ ቤት አመለከተ፤ ወንድሙም ሞግዚት ሆኖ ተሾመለት። በመጋቢት ሎስ አንጀለስ ታይምስ ሰውየው ስቴት ባርን ለዓመታት እንዴት እንዳለፈው በዝርዝር አጋለጠ። በ2022 የካሊፎርኒያ ጠቅላይ ፍርድ ቤት የጥብቅና ፈቃዱን ሰረዘ። የ750 ሺህ ዶላሩ ጉትቻ ለኪሳራ አጣሪው ተመልሶ በጨረታ 250 ሺህ ዶላር ወጣለት፣ ገንዘቡም ለአበዳሪዎቹ መክፈያ ሆነ።

ከውርደቱ አንድ ነገር ተወለደ። ካሊፎርኒያ ከ2023 ጀምሮ ጠበቆች የደንበኞቻቸውን የአደራ ሂሳብ በየዓመቱ እንዲያስመዘግቡ አስገደደች። ሌላ ጠበቃ የደንበኛ ገንዘብ ሲሰርቅ ያየ ጠበቃም እንዲያመለክት ግዴታ ጣለች።

በዚያው ሰሞን፣ በ2013 ዓ.ም.፣ ኢትዮጵያም የጥብቅና ሕጓን ለወጠች። አዋጅ ቁጥር 1249/2013 የፌዴራል ጠበቆች ማኅበርን አቋቋመ፣ ጠበቆችም ለመጀመሪያ ጊዜ ተሰባስበው የጥብቅና ድርጅት እንዲመሠርቱ ፈቀደ። ለብቻው ቢሮ ተከራይቶ ይሠራ የነበረው ጠበቃ አሁን በድርጅት ስም ብዙ ደንበኞችን መያዝ ይችላል። ድርጅቱ በገዘፈ ቁጥር በእጁ የሚያልፈው የደንበኛ ገንዘብም ይገዝፋል፣ ስለዚህ የጂራርዲ ታሪክ ለአዲስ አበባ የሕግ ባለሙያዎች የሩቅ ወሬ አይደለም።

የበረራ 302 ቤተሰቦች ትግልም አልቆመም ነበር። ጥር 7 ቀን 2021 ቦይንግ ከአሜሪካ ፍትሕ ሚኒስቴር ጋር የወንጀል ክሱ እንዲዘገይ ተስማማ። ስምምነቱ በድምሩ 2.5 ቢሊዮን ዶላር ሲሆን ከዚህ ውስጥ 500 ሚሊዮኑ ለሟች ቤተሰቦች ነበር። ቤተሰቦቹ ሳንጠየቅ የተደረገ ነው ብለው ተቃወሙ። በኅዳር 2021 ደግሞ ቦይንግ በቺካጎው የፍትሐ ብሔር ክስ ለበረራ 302 ሞት ኃላፊነቱን ተቀበለ። ከዚያ በኋላ የቀረው ክርክር ስንት ይከፈል የሚለው ብቻ ነበር።

እ.ኤ.አ. 2023–2025፦ ክስና ፍርድ

የካቲት 1 ቀን 2023 ጂራርዲ በሁለት ከተማ ተከሰሰ። ሎስ አንጀለስ ውስጥ ከቢሮው የሒሳብ ኃላፊ ከክሪስቶፈር ካሞን ጋር ከደንበኞች ቢያንስ 15 ሚሊዮን ዶላር በማታለል ወስዷል ተባለ። ቺካጎ ውስጥ ደግሞ ከላየን ኤር ቤተሰቦች ገንዘብ ጋር በተያያዘ እሱ፣ ካሞንና አማቹ ተከሰሱ።

ጠበቆቹ በሽታውን ጠቅሰው ለችሎት ብቁ አይደለም አሉ። ዳኛ ጆሴፊን ስቴተን ጥር 2 ቀን 2024 ማስረጃውን መርምረው ምልክቶቹን በከፊል እያጋነነ ነው፣ ሊዳኝ ይችላል አሉ። በነሐሴ ችሎቱ ተከፈተ። የተቃጠለው ወጣት ጉዳይ ለጁሪው ቀረበ። ጂራርዲ ለደንበኞቹ የተዋቸው የስልክ መልእክቶች በችሎቱ ተሰሙ፤ ለዓመታት ያባበለው ድምፅ አሁን ማስረጃ ሆነ። እሱ ራሱ ምስክር ሆኖ ቀርቦ ደንበኞቹ ሁሉ ገንዘባቸውን አግኝተዋል አለ። ጠበቆቹም ጥፋቱን ወደ ሒሳብ ኃላፊው አዞሩት። ጁሪው ከአንድ ቀን ባነሰ ጊዜ ተመካክሮ ነሐሴ 27 ቀን 2024 በአራቱም የማታለል ክሶች ጥፋተኛ አለው።

ካሞን ከ10 ዓመት በላይ ተፈረደበት። ጂራርዲ ሰኔ 3 ቀን 2025፣ በ86ኛ የልደት ቀኑ፣ የ7 ዓመት ከ3 ወር እስራትና የ35 ሺህ ዶላር መቀጮ ተወሰነበት። ለተበዳዮችም ከ2.3 ሚሊዮን ዶላር በላይ እንዲመልስ ታዘዘ። ይህ እስራት የመጣው ከሎስ አንጀለሱ ክስ ነው እንጂ የጃካርታ ቤተሰቦች ገንዘብ ከጠፋበት ከቺካጎው ክስ አይደለም። እጁን እንዲሰጥ የተቀጠረለት ቀን ሐምሌ 17 ነበር።

በአውሮፕላኖቹ ጉዳይ ግን ግለሰብም ሆነ ኩባንያው በወንጀል ችሎት ጥፋተኛ አልተባለም። በ2022 ለፍርድ የቀረበው አንድ የቦይንግ የቀድሞ አብራሪ በነጻ ተሰናብቷል። ጥር 2024 የአላስካ አየር መንገድ 737 ማክስ በረራ ላይ ሳለ የጎን መዝጊያው ተገንጥሎ ሲወድቅ ክሱ እንደገና ተንቀሳቅሶ ነበር። ይሁንና ፍትሕ ሚኒስቴር በግንቦት 2025 ከኩባንያው ጋር አዲስ ስምምነት አደረገ፤ ለቤተሰቦች ተጨማሪ 444.5 ሚሊዮን ዶላር የሚያስገኝ ነው። በኅዳር ዳኛ ሪድ ኦኮነር የወንጀል ክሱን ዘጉት። በቱሉ ፈራ ለሞቱት ሰዎች የቦይንግ ሹማምንት ችሎት ቆመው እንዲጠየቁ ስድስት ዓመት የለፉ ቤተሰቦች ያን ሳያዩ ቀሩ።

በዚያው ወር፣ ኅዳር 12 ቀን 2025፣ የበረራ 302 ጉዳይ ለመጀመሪያ ጊዜ በጁሪ ፊት እስከ መጨረሻው ታየ። የቺካጎ ጁሪ በአደጋው ለሞተች አንዲት የተባበሩት መንግሥታት አማካሪ ቤተሰብ ከ28 ሚሊዮን ዶላር በላይ ፈረደ። እንደተለመደው አሠራር፣ በእንዲህ ያለ ጉዳይ ገንዘቡ ከቦይንግ ወጥቶ በጠበቆች የአደራ ሂሳብ ያርፋል፣ ከዚያም ወደ ቤተሰቡ ይሄዳል።